«ኢኮ» የሚለው ፊልትሮና ውስጡ የምትቀረው ሦስት ሲኒ ዘይት

ከባቱ አንድ ወጣት ጽፎልኛል። ሽንኩርትና ቲማቲም ያመርታል፤ ምርቱን የሚጭነው በፈረንጅ 2008 በተሠራች፣ ቱኬዲ (2KD) የሚባለው የናፍጣ ሞተር ባላት ሃይሉክስ ፒካፕ ነው። ደብዳቤው ረዘም ይላል፤ ፍሬ ነገሩ ይህ ነው፦

«ጋሼ፣ ዘይት የምቀይረው ራሴ ነኝ፣ እዚያው ማሳዬ ዳር። የዘይት ፊልትሮ ልገዛ ስሄድ ሦስት ዓይነት አሳዩኝ። አንዱ ካርቶኑ ላይ አረንጓዴ ቅጠል ተስሎበት ‹ኢኮ› ይላል፣ አንዱ ኦሪጅናል የሚሉት ውዱ ነው፣ አንዱ ደግሞ የውዱን ሩብ ዋጋ አያወጣም። አጎቴ በበኩሉ እየታጠበ ተመልሶ የሚገጠም፣ ውስጡ የብረት ወንፊት የሆነ ፊልትሮ ከዱባይ ልኮልኛል፤ ‹ዕድሜ ልክህን አትገዛም› ብሎኛል። ሐይቁ ቅርቤ ነው፣ የምጠጣውም ከዚያው ነው። አካባቢን የማይጎዳው የትኛው ነው?»

ወንድሜ፣ ጥያቄህ ደስ ብሎኛል። እኔ ጋራዥ የሚመጣው ሰው አብዛኛው «ርካሹ የቱ ነው?» ብሎ ነው የሚጀምረው።

ቅጠሉን ለጊዜው እንርሳው። ካርቶን ላይ ቅጠል ለመሳል ቀለም ብቻ ይበቃል። «ኢኮ» የሚለው ቃል እውነተኛ ትርጉም የሚኖረው አንዳንድ አምራቾች ቆርቆሮ የሌለውን፣ ወረቀትና ፕላስቲክ ብቻ የሆነውን ፊልትሮ ሲሉት ነው። እንደዚያ ያለው ቤቱ ሞተሩ ላይ ይቀራል፣ አንተ የምትቀይረው የውስጡን ብቻ ነው። ፎርድ ሬንጀር 2.2 እና 3.2 ናፍጣ እንዲህ ነው። ያንተ ሞተር ግን የሚያስረው ባለ ቆርቆሮውን፣ ተጠምዝዞ የሚገባውን ነው። ስለዚህ ምርጫው በእጅህ አይደለም፤ ሞተሩን የሠራው ሰው መርጦልሃል። «ሞተርህን ወደ ወረቀቱ እቀይርልሃለሁ» የሚል ካጋጠመህም እሺ አትበል፣ የዘይት ግፊት ቀልድ አያውቅም። ያ ቅጠል የተሳለበት ፊልትሮ ያንተ ሞተር ላይ የሚገባ ከሆነ እሱም ቆርቆሮ ነው ማለት ነው፤ ከሌላው በምን እንደሚለይ ባለሱቁን ጠይቀው። መልስ ከሌለው መልሱን አግኝተሃል።

ደግሞ ቆርቆሮው ጥፋተኛ አይደለም። ብረት ነው፤ ቆራሌው ይወስደዋል፣ ከሌላው ብረት ጋር ቀልጦ ፌሮ ይሆናል። ጉዳቱ ውስጡ የቀረው ዘይት ነው።

ባለፈው ሳምንት እንዳንተ ያለች ሃይሉክስ ሰርቪስ ስናደርግ ረዳቴ ፊልትሮውን ፈትቶ አፉን ወደ ታች ደፋው፣ መንጠባጠቡ ሲያቆም «አለቀ ጋሼ» ብሎ ወደ ቆሻሻው ሊወረውር ሲል አስቆምኩት። መዶሻና ወፍራም ሚስማር ወሰድኩና ጉልላቱን፣ ማለትም የተዘጋውን ጫፍ፣ ሁለት ቦታ በሳሁት፤ ከዚያ ገልብጬ የበሳሁትን ጎን ወደ ታች አድርጌ በተቆረጠ ጀሪካን ላይ አሳደርኩት። ጠዋት ረዳቴ ካጠገባችን ቡና ከምታፈላዋ ልጅ ጠርዙ የተሸረፈ ሲኒ ለምኖ መጣና ለካው፤ ሦስት ሲኒ ሞላ። (ሲኒዋን አልመለስንላትም፣ አዲስ ገዛንላት።)

ይህ የሚሆነው ለምን መሰለህ? ፊልትሮው አፍ ላይ፣ ከትንንሾቹ ቀዳዳዎች በስተጀርባ፣ አንድ የላስቲክ ክዳን አለ። ሥራው ሞተሩ ሲጠፋ ዘይቱ ወደ ኮፓ (ከሞተሩ ሥር ወዳለው የዘይት ገንዳ) ተመልሶ እንዳይወርድ መያዝ ነው፤ ጠዋት ስታስነሳ ሞተሩ ያለ ዘይት እንዳይንኳኳ። ያው ክዳን ፊልትሮውን ስትደፋውም ሥራውን አይተውም፣ ገና ባልተጣራው በኩል ያለውን ዘይት ይዞ ይቀራል። ካልበሳኸው አይለቅም። አሜሪካኖች ያገለገለ ፊልትሮን ከአደገኛ ቆሻሻ ተራ የሚያወጡት ተበስቶ ወይም ተጨፍልቆ፣ ሞቅ እንዳለ ከተንጠፈጠፈ ነው፤ የአካባቢ ጥበቃ መሥሪያ ቤታቸው ለ12 ሰዓት ይንጠፍጠፍ ብሎ ይመክራል። ማሳደር ማለት ነው።

አሁን አስላው። በዓመት 20,000 ኪሎ ሜትር ትነዳለህ እንበል፤ በየ5,000 ከቀየርክ አራት ፊልትሮ ነው። አራት ጊዜ ሦስት ሲኒ፣ ወደ አንድ ሊትር ይጠጋል። ያው የአሜሪካ መሥሪያ ቤት ከአንድ ቅየራ የሚወጣ ዘይት አንድ ሚሊዮን ጋሎን ንጹሕ ውሃ ሊበክል ይችላል ይላል፤ በኛ ልክ ወደ 3.8 ሚሊዮን ሊትር መሆኑ ነው። ዝዋይ ሐይቅ ደግሞ እንደ ሻላ ጥልቅ አይደለም፤ አማካይ ጥልቀቱ 3 ሜትር እንኳ አይሞላም። ማሳህ ዳር የፈሰሰውን ዝናብ ጠርጎ የሚያወርደው ወዴት እንደሆነ ከኔ ይልቅ አንተ ታውቀዋለህ።

ከአራቱ ፊልትሮዎች የትኛውን ትግዛ? የዱባዩን ላስቀድም፤ ዘመድ የላከው ነገር ስለሆነ እንዳታዝንብኝ። የብረት ወንፊት ፊልትሮ መጥፎ ዕቃ አይደለም። የውድድር መኪና ያላቸው ሰዎች ይወዱታል፤ ከየውድድሩ በኋላ ፈትተው ሞተሩ ብረት መብላት መጀመሩን ያዩበታል። ላንተ ግን ሁለት ነገር አይመችም። አንደኛ፣ የወንፊቱ ቀዳዳ በአብዛኛው 30 ማይክሮንና ከዚያ በላይ ነው። ማይክሮን የሚሊሜትር አንድ ሺኛ ናት፤ የራስ ጠጉር ወደ 70 ይደርሳል። ጥሩ የወረቀት ፊልትሮ ግን 20 ማይክሮን የሆነውንና ከዚያ የሚበልጠውን ከሞላ ጎደል ሁሉንም ይይዛል። በጭንጫና በአቧራ መንገድ ለሚሠራ ናፍጣ ሞተር ይህ ልዩነት ትልቅ ነው።

ሁለተኛው ይብሳል፦ በምን ልታጥበው ነው? በውሃና በሳሙና አይለቅም። በናፍጣ ወይም በቤንዚን ነው የምታጥበው። በየቅየራው ሊትር ሊትር ተኩል የቆሸሸ ናፍጣ ይወጣሃል፤ እሱ ደግሞ ከዘይት የቀጠነ ስለሆነ አፈር ውስጥ ፈጥኖ ይሰርጋል። ቆርቆሮ ላለመጣል ብለህ የባሰ ነገር ታፈሳለህ። የመታጠቢያውን ናፍጣ ሰብስቦ የሚያስወግድ ወርክሾፕ ቢኖርህ ሌላ ነገር ነው፤ ማሳ ዳር ግን አይሆንም።

ርካሹን በተመለከተ ብዙ አላወራም፣ አሳይሃለሁ። ሶማሌ ተራ ሄጄ ከገዛኋቸው አንዱን በሰጌቶ (በብረት መጋዝ) ዙሪያውን ቆረጥኩት። (በግራይንደር አትሞክር፤ ዘይት የነካ ነገር ላይ ብልጭታ እሳት ነው፣ ፍቅፋቂውም ወረቀቱ ውስጥ ገብቶ ያሳስትሃል።) የወረቀቱን ሽንሽን ዘረጋሁት፤ አንድ ቦታ ተጠጋግቶ ሌላው ቦታ ጣት ያስገባል። የወረቀቱ ሁለት ጫፍ የሚገናኝበት ሙጫ ደግሞ ለቋል። በዚያች ስንጥቅ የሚያልፈው ዘይት ያልተጣራ ነው። ኦሪጅናሉን ስከፍት ሽንሽኑ እንደ ሐበሻ ቀሚስ እኩል እኩል ነው፣ ክብደቱም በእጅ ያስታውቃል። ርካሹ በገንዘብ ያተረፈልህን በብሮንዚና (የሞተሩ ዘንግ በሚሽከረከርበት ስስ ማቀፊያ) ያስከፍልሃል፤ ሞተር ተፈትቶ የሚታደስበት ጊዜ ሲመጣ የሚወጣውን ብረትና ዘይት አስበው፣ እሱም አካባቢ ላይ ነው የሚያርፈው።

ስለዚህ ግዛ የምልህ ኦሪጅናሉን ነው፣ ወይም ስሙ የታወቀ አምራች ለዚያው ሞተር የሠራውን። ካርቶኑ ላይ አይሶ (ISO) 4548-12 የሚል ቁጥር ካገኘህ መልካም ነው፤ የማጣራት ችሎታው የተለካበት ስልት ነው፣ ከጎኑ ስንት ማይክሮንን ስንት በመቶ እንደሚይዝ ይጽፋሉ። አፉን ወደ ብርሃን አድርገህ በቀዳዳዎቹ የላስቲክ ክዳኑን እየው። ጥቁር ከሆነ አብዛኛውን ጊዜ ተራው ላስቲክ ነው፤ ቀይ ወይም ብርቱካናማ ከሆነ ብዙ ጊዜ ሲልከን ነው፣ ሙቀት ቶሎ አያደርቀውም። ላንተ በየ5,000 ለምትቀይረው ተራውም ይበቃሃል። «እስከ 15,000 ያስኬዳል» የሚለውን በወረቀት ፈንታ ከሰው ሠራሽ ክር የተሠራውን ፊልትሮ ለአስፋልት ሹፌር ተውለት፤ አቧራ ላይ ፊልትሮው ቢችል እንኳ ዘይቱ አይችልም።

በተቃራኒው ዘይቱ ጠቁሮ ስላዩ ብቻ በ3,000 የሚደፉ አሉ። የናፍጣ ዘይት በተቀየረ ማግስት ይጠቁራል፤ ጥቀርሻው ከማይክሮን ያነሰ ስለሆነ የትኛውም የተለመደ ፊልትሮ አይዘውም፣ በትኖ እንዲይዘው የተሠራው ዘይቱ ራሱ ነው። ጥቁረት ብቻውን ምክንያት አይሆንም፤ ደህናውን ዘይት ደፍቶ 7 ሊትር ገደማ ተጨማሪ የተቃጠለ ዘይት ማምረት ነው። ይልቅ ዓይንህ የአየር ፊልትሮው ላይ ይሁን። ሞተር ውስጥ የሚገባው አሸዋ በዚያ በኩል ነው፤ እሱ ከተቀደደ ወይም ጠርዙ ካልገጠመ የዘይቱ ፊልትሮ ምንም ቢሆን አይደርስለትም። ከባቱ ወደ ገጠሩ በምትገባበት መንገድ በሳምንት አንዴ አውጥተህ አራግፈው፤ በኮምፕረሰር ከነፋኸው ከውስጥ ወደ ውጭ፣ ራቅ ብለህ።

አቀያየሩን ባጭሩ። ሞተሩ ሞቅ ብሎ እጅ የማያቃጥል ሲሆን ፍታ። ከሥሩ ሰፊ ሳህን አድርግ፣ ከሳህኑ ሥር ደግሞ ላስቲክ አንጥፍ፤ ነፋስ ቀጭኑን የዘይት ጅረት ወደ ጎን ይወስደዋል። ፊልትሮው ሲወጣ ጎሚኒው (አፉ ዙሪያ ያለው የላስቲክ ቀለበት) አብሮት መውጣቱን በዓይንህ እየው። እኔ ገና ልጅ ሳለሁ አሮጌው ጎሚኒ ሞተሩ ላይ ተለጥፎ ቀርቶ አዲሱን በላዩ አስሬበታለሁ። ጋራዡ ውስጥ አንዲት ጠብታ አላፈሰሰም። ደንበኛው ከተማውን ሳይወጣ የዘይት መብራት በራበት፤ ከኋላው ያለው አስፋልት ከዳር እስከ ዳር ጥቁር ነበር። ዘይቱ በሙሉ አንድ ኪሎ ሜትር በማይሞላ መንገድ ላይ ቀረ። ያን ቀን የደረሰብኝን ቁጣ እተወዋለሁ፤ ከዚያ ወዲህ ግን የሞተሩን ፊት በጨርቅ ሳልጠርግ፣ በጣቴ ዞሬ ሳልዳስስ አላስርም። አዲሱን ጎሚኒ በንጹሕ ዘይት ለቅልቀው፣ በእጅህ አጥብቀው፤ ጎሚኒው ከነካ በኋላ ሦስት አራተኛ ዙር ይበቃዋል። በመፍቻ ከታገልከው በሚቀጥለው ጊዜ እሱ ይታገልሃል።

አሮጌውን እንዳልኩህ ብሳውና ለሊቱን አሳድረው። የወጣውን ዘይት ከኮፓው ጋር በአንድ ጀሪካን አጠራቅም፤ ውሃ፣ የፍሬን ዘይት፣ ናፍጣ አትቀላቅልበት፣ ከተቀላቀለ የሚረከብህ ሰው አይኖርም። ላዩ ላይ «የተቃጠለ ዘይት» ብለህ በትልቁ ጻፍበት፣ ቤት ውስጥ ያለ ጀሪካን ሁሉ የምግብ ዘይት ይመስላል። ሲሞላ በበርሜል ለሚያጠራቅም ጋራዥ ስጥ፤ ከጋራዦች የሚገዙ ሰዎች አሉ። የተንጠፈጠፈውን ቆርቆሮ ለቆራሌው።

አንድ ነገር ግን ልጠይቅህ፤ የአጥርህን እንጨት ለምስጥ ብለህ በተቃጠለ ዘይት ትቀባለህ? ሰው ሁሉ ስለሚያደርገው ነው የምጠይቅህ። ምስጡን ያርቃል፣ አልክድም። ከሞተሩ ያጠራቀመውን ብረታ ብረትና ጥቀርሻ ግን ዝናብ ከእንጨቱ ወደ አፈር ያወርደዋል፤ ያ አጥር ከቲማቲምህ ስንት እርምጃ ነው?

ከመጣልህ በፊት ደግሞ አንዱን አሮጌ ፊልትሮ በሰጌቶ ክፈተው፣ ወረቀቱን ጨምቀህ ፀሐይ ላይ ዘርጋው። ጥቁር ዝቃጭ ብቻ ከሆነ ደህና ነህ። ማግኔት የሚስበው ደቃቅ ትንሽ ቢኖርም አትደንግጥ። ማግኔት የማይስበው፣ የመዳብ መልክ ያለው ብልጭልጭ ካገኘህ ግን ብሮንዚናው መበላት ጀምሯል፤ ሃይሉክሷን አታስነሳ፣ ወረቀቱን ፎቶ አንስተህ ላክልኝ።