«ኮንትሮልድ» ማለት የተከለከለ ማለት አይደለም
የአንባቢያን ጥያቄና መልስ

በዚህ ወር ከደሴና ከኮምቦልቻ ከደረሱን ጥያቄዎች ብዙዎቹ አንድ የእንግሊዝኛ ቅጽል ላይ ያረፉ ናቸው፤ «ኮንትሮልድ»። ቃሉ በመድኃኒት ካርቶን፣ በፋብሪካ ማህተም፣ በሕመምተኛ ካርድና በመመረቂያ ጽሑፍ ላይ አለ። በሁሉም ቦታ «ቁጥጥር የተደረገበት» እየተባለ ይተረጎማል፤ ችግሩም የሚጀምረው እዚያው ላይ ነው።

ጥያቄ፦ ደሴ ፒያሳ አካባቢ መድኃኒት ቤት እሠራለሁ። አንዳንዱ መድኃኒት «ኮንትሮልድ ድራግ» ይባላል፤ በሌላው ካርቶን ላይ «ኮንትሮልድ ሪሊስ» የሚል ጽሑፍ አለ። ደንበኞች ሁለቱንም «የተከለከለ ነው እንዴ?» እያሉ ይደነግጣሉ። ምን ብዬ ላስረዳቸው?

መልስ፦ የሚጋሩት ቃሉን እንጂ ጉዳዩን አይደለም። የቅጽሉ ሥር ግን አንድ ነው፤ ነገሩ አልቆመም፣ አልተከለከለም፣ ይሄዳል፤ ከተሰመረለት ወሰን ግን አይወጣም። ከደሴ ወደ ኮምቦልቻ በሐረጎ የሚወርድ የጭነት መኪና ያስቡ። 600 ሜትር ያህል ቁልቁለት ነው። ሹፌሩ ገና ከአናቱ ማርሹን ዝቅ ካደረገ ሞተሩ ራሱ መኪናውን ይይዝለታል፤ ፍሬኑን መታጠፊያው ላይ ነካ እያደረገ ይወርዳል። በከፍተኛ ማርሽ ለቆት በፍሬን ብቻ ልያዘው ያለ እንደሆነ ፍሬኑ ይግልና መያዙን ይተዋል። የመጀመሪያውን አወራረድ እንግሊዝኛ «ኮንትሮልድ ዲሴንት» ይለዋል። ሁለቱም መኪኖች ይወርዳሉ፤ ልዩነቱ ፍጥነቱ በማን እጅ ነው የሚለው ነው።

እንግዲህ «ኮንትሮልድ ድራግ» ሲባል ወሰኑ የሕግ ነው። ሞርፊንና ፔቲዲን ናርኮቲክ (ሱስ ሊያስይዙ የሚችሉ ብርቱ የሕመም ማስታገሻዎች) በመሆናቸው በ1961 (እ.ኤ.አ.) የተባበሩት መንግሥታት ስምምነት፣ ዳያዜፓምና ፌኖባርቢታል ደግሞ ሳይኮትሮፒክ (በአእምሮ ላይ የሚሠሩ) በመሆናቸው በ1971ዱ ስምምነት ሥር ይወድቃሉ። ማን እንደሚያዝዝ፣ በምን ዓይነት ማዘዣ እንደሚሰጥ፣ የት ተቆልፎ እንደሚቀመጥ፣ ምን ያህል እንደወጣና ምን ያህል እንደቀረ የሚመዘገበው ለዚህ ነው። ለደንበኛው «የተከለከለ አይደለም፤ በልዩ ማዘዣ ብቻ የሚሰጥ ነው» ይበሉት። «የተከለከለ» የሚለውን እንግሊዝኛ «ባንድ» ወይም «ፕሮሂቢትድ» በሚሉት ቃላት ይገልጸዋል። ይህን መለየት የቃላት ጣጣ ብቻ አይደለም። ለካንሰር ሕመም ሞርፊን የታዘዘለት ሰው «የተከለከለ» የሚለውን ሰምቶ ማዘዣውን ኪሱ ከትቶ ቢመለስ፣ ሌሊቱን በሕመም የሚያድረው በአንድ ቃል ስህተት ነው።

«ኮንትሮልድ ሪሊስ» ላይ ወሰኑ የጊዜ ነው። ክኒኑ መድኃኒቱን ቀስ በቀስ፣ ብዙውን ጊዜ በ12 ወይም በ24 ሰዓት ውስጥ እንዲለቅ ተደርጎ ተሠርቷል። በካርቶኑ ላይ «ሲአር» ተብሎ በአጭሩ ይጻፋል፤ «ኤስአር» እና «ኤክስአር» የሚሉትም የዚሁ ዘመዶች ናቸው። ለሕመምተኛው መነገር ያለበት ትርጉሙ ሳይሆን አወሳሰዱ ነው፤ አይታኘክ፣ አይፈጭ፣ በውኃ አይሟሟ። ለመዋጥ እንዲቀለው ብሎ የፈጨው ሰው የሙሉ ቀኑን መጠን በአንድ ጊዜ ይወስዳል፤ የግፊት መድኃኒት ከሆነ ግፊቱ በድንገት ይወርድና ራሱን ሊስት ይችላል፣ ማታ ላይ ደግሞ መድኃኒቱ አልቆ ግፊቱ ተመልሶ ይወጣል። ለሁለት የሚከፈል መስመር ያላቸው አንዳንድ ክኒኖች አሉ፤ እነሱም ቢሆኑ አምራቹ በመግለጫው ከፈቀደ ብቻ ነው የሚከፈሉት። በአማርኛ «ቀስ እያለ የሚለቅ» የሚለው ይበቃል። «ቁጥጥር» የሚለው ቃል እዚህ ምንም አያስፈልግም።

ጥያቄ፦ የደም ግፊት ያለባቸው አባት አሉኝ። በክትትል ካርዳቸው ላይ «ዌል ኮንትሮልድ» ተብሎ ተጽፎ አይቼ «ተስተካክሏል ማለት ነው» ብዬ ነገርኳቸው። ከዚያ ወዲህ «ድኛለሁ» ብለው ክኒኑን ትተዋል። ተሳስቼ ይሆን?

መልስ፦ ቃሉን ከማስረዳታችን በፊት፣ አባትዎን ዛሬ ነገ ሳይሉ ሐኪማቸው ጋ ይውሰዷቸውና ግፊታቸው ይለካ። ያለፈውን ለማካካስ ደርበው እንዳይወስዱ።

አብሽሪ፣ ስህተቱ የብዙ ሰው ነው። «ተስተካከለ» አማርኛችን ውስጥ ነገሩ አለቀ፣ ተዘጋ የሚል ስሜት አለው። «ዌል ኮንትሮልድ» ግን ሕመሙ እንዳለ ሆኖ፣ በመድኃኒቱ ኃይል በልክ ተይዟል ማለት ነው። በደም ግፊት በተለምዶ ከ140 በ90 በታች ሲሆን፣ በስኳር ደግሞ የሦስት ወሩን አማካይ የሚያሳየው ምርመራ ለብዙ አዋቂዎች ከ7 በመቶ በታች ሲሆን እንዲህ ይጻፋል፤ ለአንዳንድ ሰው ሐኪሙ ሌላ ልክ ሊያስቀምጥ ይችላል። የዳነ ቢሆን ኖሮ የሚጻፈው «ኪዩርድ» ነበር፤ በአብዛኛው የደም ግፊት ሕመምተኛ ካርድ ላይ ይህን ቃል አያገኙትም። ለአባትዎ እንዲህ ቢሏቸው ይገባቸዋል፦ «አባባ፣ ያኔ ግፊትዎ በልክ የሆነው ክኒኑን ይውጡ ስለነበር ነው። ሕመሙ ሄዶ አይደለም፤ ክኒኑ ይዞት ነው።»

ተቃራኒው «ፑርሊ ኮንትሮልድ» ነው። ሕመምተኛውን አልታዘዝ ባይ ብሎ የሚወቅስ አድርገው የሚረዱት አሉ፤ ቃሉ ግን የሚናገረው ስለ ልኬቱ ነው። መጠኑ ስላነሰም፣ ጨው ስለበዛም፣ መድኃኒቱ ስላልተስማማም ሊሆን ይችላል።

ጥያቄ፦ ኮምቦልቻ ኢንዱስትሪ ፓርክ፣ ጥራት ክፍል። መስመሩ ላይ በተሰቀለው የሥራ መመሪያ «ኮንትሮልድ ኮፒ» የሚል ቀይ ማህተም አለ። እኔ ከኮምፒውተር ባተምኩት ግርጌ ደግሞ «አንኮንትሮልድ ዌን ፕሪንትድ» ይላል። በእሱ ስሠራ አለቃዬ ተቆጡ። ያተምኩት እኮ ከዚያው ፋይል ነው!

መልስ፦ ጽሑፉ ፊደል በፊደል አንድ ሊሆን ይችላል። የሚለያዩት በመዝገብ ነው። ማህተም ያለው ቅጂ ቁጥር አለው፤ ማን ጋ እንዳለ ይታወቃል፤ መመሪያው ሲሻሻል ሰነድ ክፍል መጥቶ አሮጌውን ይወስድና አዲሱን ይሰቅላል። እርስዎ ያተሙትን ግን ማንም አያውቀውም፤ መጥቶ የሚቀይረውም የለም። «አንኮንትሮልድ» እዚህ ላይ ሥርዓት የለሽ ማለት አይደለም፤ «ሲለወጥ የሚተካው የለም» ማለት ነው።

ጉዳቱን በአንድ ቁጥር እንየው። የሸሚዝ ጎን ስፌት ሕዳግ (ከስፌቱ እስከ ጨርቁ ጠርዝ ያለው ስፋት) ከ1 ሴንቲ ሜትር ወደ 1.2 ተቀየረ እንበል። መስመሩ ላይ ያለው ወረቀት ተቀየረ፤ ኪስዎ ውስጥ ያለው አሁንም 1 ነው የሚለው። በአንድ ጠርዝ 2 ሚሊ ሜትር ምንም አይመስልም፤ ሁለት ጎን፣ ፊትና ኋላ ሲደመር ግን የደረቱ ዙሪያ 8 ሚሊ ሜትር ይለያል፣ ያ ደግሞ ከተፈቀደው ልዩነት ሊያልፍ ይችላል። ስለዚህ ሥራ ከመጀመርዎ በፊት የወረቀቱን የዕትም ቁጥርና ቀን ከሰነዶች ዋና ዝርዝር ጋር ያስተያዩ፤ ካልገጠመ ወረቀቱን ቀደው ይጣሉት። የራስዎ ቅጂ የግድ ካስፈለገ ሰነድ ክፍል አስመዝግቦ ማህተም ማስመታት ነው። በአማርኛ «የተመዘገበ ቅጂ» እና «ያልተመዘገበ ቅጂ» ቢባል ሠራተኛው ሁሉ ይረዳዋል።

ጥያቄ፦ ኮምቦልቻ ደረቅ ወደብ። «ቴምፕሬቸር ኮንትሮልድ» እና «ኮምፒውተር ኮንትሮልድ» ግንባታቸው አንድ ይመስላል። በመጀመሪያው ተቆጣጣሪው ሙቀት ነው?

መልስ፦ አይደለም፤ በመጀመሪያው ሙቀቱ የሚጠበቀው ነው፣ በሁለተኛው ኮምፒውተሩ ጠባቂው ነው። ሰዋስዉ አይለይዎትም፤ የሚለየው ነገሩን ማወቅ ብቻ ነው። «ሙቀቱ ከተወሰነ ልክ እንዳይወጣ የተደረገ» (ለምሳሌ ለብዙ ክትባቶች ከ2 እስከ 8 ዲግሪ ሴንቲግሬድ)፣ «በኮምፒውተር የሚሠራ»። «ስቴት ኮንትሮልድ» በሁለተኛው ወገን ነው፤ በመንግሥት እጅ ያለ። ሁለቱ ቃላት ከስም ፊት ሲመጡ በመካከላቸው አጭር ሰረዝ ይገባል።

ጥያቄ፦ ወሎ ዩኒቨርሲቲ፣ ደሴ። ለመመረቂያ ጽሑፌ «ራንደማይዝድ ኮንትሮልድ ትራያል» የሚለውን «ቁጥጥር የተደረገበት ጥናት» ብዬ ተርጉሜ አማካሪዬ ሰረዙብኝ። ደግሞስ «ኮንትሮባንድ» የዚሁ ቃል ዘር ነው?

መልስ፦ አማካሪዎ ልክ ናቸው። እዚህ ላይ ቅጽሉ የሚለው ጥናቱ ጥብቅ ነው ሳይሆን ማነጻጸሪያ አለው ነው። በ1948 (እ.ኤ.አ.) በብሪታንያ የታተመው የስትሬፕቶማይሲን ጥናት ጥሩ ማሳያ ነው። 55 የሳንባ ነቀርሳ ሕመምተኞች መድኃኒቱንና የአልጋ ዕረፍት፣ 52ቱ ደግሞ ዕረፍቱን ብቻ አገኙ፤ ማን ወዴት እንደሚገባ የተወሰነው በዕጣ ነበር። እነዚያ 52 ባይኖሩ፣ የዳነው በመድኃኒቱ ይሁን በዕረፍቱ ማን ያውቅ ነበር? «በዕጣ የተመደበ፣ የማነጻጸሪያ ቡድን ያለው ሙከራ» ብለው ይጻፉ። ይረዝማል፤ እውነቱን ግን ይናገራል።

የሚገርመው፣ ይህ ትርጉም ለቃሉ ጥንተ መነሻ ከሌሎቹ ሁሉ ይቀርባል። «ኮንትሮል» በፈረንሳይኛ በኩል የመጣ ሲሆን ሥሩ የመካከለኛው ዘመን ላቲን «ኮንትራሮቱሉስ» ነው፤ «ኮንትራ» ተቃራኒ፣ ትይዩ፣ «ሮቱሉስ» ጥቅልል ብራና። የሒሳብ ሹሙ አንድ ጥቅል ይይዛል፣ ሌላ ሰው ትይዩውን ይይዛል፤ ሁለቱ ተዘርግተው ሲተያዩ የጎደለው ይወጣል። ፈረንሳይኛው ይህን «መፈተሽ» የሚለውን ትርጉም እስከ ዛሬ ይዟል። እንግሊዝኛው ወደ «መግዛት፣ በልክ መያዝ» አዘነበለ። የኛ «መቆጣጠር» ሁለቱንም ይሸከማል፤ ትኬት የሚያየውም ተቆጣጣሪ ነው፣ ከተማ የያዘ ጦርም «ተቆጣጠረ» ይባላል። ስለዚህም ነው አማርኛ ተናጋሪ «ቲኬቴን አየ» ለማለት «ሂ ኮንትሮልድ ማይ ቲኬት» የሚለው። ትክክለኛው «ቼክድ» ነው።

«ኮንትሮባንድ» የጣሊያንኛ ዘር ነው፤ «ኮንትራ» እና «ባንዶ»፣ ማለትም አዋጅ፣ ከአዋጅ ውጭ ማለት ነው። ከ«ኮንትሮል» ጋር የሚጋራው የመጀመሪያውን ክፍል ብቻ ነው።

ጥያቄ፦ ኮምቦልቻ። ለፋብሪካ ሱፐርቫይዘርነት ሳመለክት «አይ አም ኤ ኮንትሮሊንግ ፐርሰን» ብዬ ጻፍኩ። ጓደኛዬ ደብዳቤውን አይታ ሳቀች። ምን አጠፋሁ?

መልስ፦ «ተቆጣጣሪ ነኝ» ለማለት ፈልገው «ሰው መፈናፈኛ የማሳጣ ነኝ» ብለዋል። አማርኛው ሙያ ነው፣ እንግሊዝኛው ጠባይ፤ ያውም ክፉ ጠባይ። «ኮንትሮሊንግ» የሚባለው ሚስቱ ማን ጋ እንደደወለች የሚያገላብጥ፣ ገንዘቧን የሚይዝ፣ ከዘመድ የሚያርቃት ባል ነው። በእንግሊዝና በዌልስ ከ2015 (እ.ኤ.አ.) ወዲህ እንዲህ ያለው የተደጋገመ አድራጎት በወንጀል ሕግ በዚሁ ቅጽል ተጠቅሶ ያስጠይቃል። በቀጣሪ ፊት በገዛ እጅ የሚጻፍ ቃል አይደለም።

ዘመዶቹንም እንለያቸው። «ስትሪክት» ሕግ አጥባቂ ነው፤ ለመምህርም ለአሠሪም ይሆናል፣ ነቀፋ ላይኖረው ይችላል። «ቦሲ» አዛዥ ናዛዥ ልሁን የሚል ነው። «ዶሚኒሪንግ» ፈላጭ ቆራጭ። «ኮንትሮልድ» የሚለው ራሱ ለሰው ሲነገር ግን ያስመሰግናል፤ ውስጡ እየነደደ ድምፁን ከፍ የማያደርግ ሰው «ኮንትሮልድ» ነው። «ካልም» ደግሞ ውስጡም ያልነደደ ነው።

ለማመልከቻው ቅጽሉን ይተዉና የሠሩትን ይጻፉ፤ «አይ ሱፐርቫይዝድ ትዌልቭ ኦፕሬተርስ»፣ 12 ሠራተኞችን መራሁ። ቁጥሩ የእርስዎ እውነተኛ ቁጥር ይሁን። የድርጅት ጉዳይ ሲሆን ብቻ ቃሉ ነቀፋ የለውም፤ «ኮንትሮሊንግ ኢንተረስት» ውሳኔን ለመምራት የሚያበቃ የአክሲዮን ድርሻ ነው፣ አብዛኛውን ጊዜ ከግማሽ በላይ።

ጥያቄ፦ ደሴ፣ ሰኞ ገበያ። አነባበቡ «ኮንትሮሊድ» ነው ወይስ «ኮንትሮልድ»? «ኤል»ስ ስንት ነው?

መልስ፦ «ኢድ» የሚሰማው ግሱ በ«ት» ወይም በ«ድ» ድምፅ ሲያልቅ ብቻ ነው፤ እንደ «ዋንትድ»። ስለዚህ መጨረሻው «ልድ» ነው። መጀመሪያው ደግሞ እንደምንጽፈው «ኮ» ሳይሆን ወደ «ከ» የቀረበ አጭር ድምፅ ነው፤ ጉልበቱ ሁለተኛው ላይ ያርፋል፦ ከንትሮውልድ። ጉልበቱ መጨረሻ ላይ ስላረፈም «ኤል» በብሪታንያም በአሜሪካም ሁለት ይሆናል። በ«ትራቭልድ» ላይ ጉልበቱ ከፊት ስለሆነ አሜሪካኖቹ አንድ፣ ብሪታንያውያኑ ሁለት ይጽፋሉ። «ኮንትሮል» ብቻውን ሲሆን ግን በሁለቱም አንድ «ኤል» ነው።