የኸርሊንግ ዱላና የባንክ ሥራ

ጥያቄ፦ «በስድስት ዓመቴ ከአዲስ አበባ ወደ አየርላንድ መጥቼ ያደግኩት ኪልኬኒ ነው። ዘንድሮ የሁለተኛ ደረጃ ማጠናቀቂያ ፈተና እወስዳለሁ። ኸርሊንግ እጫወታለሁ፤ የካውንቲው የወጣቶች ቡድንም ለሙከራ ጠርቶኛል። ዩኒቨርሲቲውን ለሁለት ዓመት አቆይቼ ሙሉ ጊዜዬን ለጨዋታው መስጠት እፈልጋለሁ። እናቴ ግን ‹ዱላ ይዞ ኳስ ማባረር ለገና ቀን ነው፤ እንጀራ አይሆንም› ትለኛለች። ምኞቴ እንደ ሄንሪ ሼፍሊን መሆን ነው። ምን ይመክሩኛል?»

መልስ፦ ኸርሊንግን ለመጀመሪያ ጊዜ ያየ ኢትዮጵያዊ ሁሉ ትዝ የሚለው ገና ነው፤ እናትህ አይፈረድባቸውም። በእንጀራው ጉዳይም ቢሆን ልክ ናቸው። ምስክራቸው ደግሞ ሌላ ሰው ሳይሆን የተመኘኸው ሼፍሊን ራሱ ነው።

ሼፍሊን በአውሮፓውያን አቆጣጠር ከ2000 እስከ 2014 ድረስ ከኪልኬኒ ጋር አሥር የመላው አየርላንድ የኸርሊንግ ሻምፒዮና ሜዳሊያ ወስዷል። የዓመቱ ምርጥ ተጫዋች ተብሎ ሦስት ጊዜ ተመርጧል፦ በ2002፣ በ2006 እና በ2012። በሻምፒዮናው 27 ጎልና 484 ነጥብ አስቆጥሯል፤ አንድ ጎል ሦስት ነጥብ ስለሚታሰብ ድምሩ 565 ነው። ይህን ሁሉ አንተ ከእኔ በላይ ታውቀዋለህ። የማትጠቅሰው ግን በሥራ ቀን የት ይውል እንደነበር ነው። ባንክ ውስጥ ነበር፤ የባንክ ኦፍ አየርላንድ ሠራተኛ ነበር።

ይህ የእሱ የግል ምርጫ ብቻ አይደለም። ኸርሊንግን የሚመራው የጌሊክ አትሌቲክስ ማኅበር በ1884 ተርልስ ከተማ ላይ ከተመሠረተ ጀምሮ ጨዋታው የአማተሮች ነው። በፍጻሜው ቀን ክሮክ ፓርክ ስታዲየም ከ82 ሺህ በላይ ሰው ቢይዝም ሜዳ ላይ ያሉት ልጆች ደመወዝ የላቸውም፤ የጉዞ ወጪና ከመንግሥት መጠነኛ ድጋፍ ነው የሚያገኙት። እግር ኳስ ቢሆን ኖሮ ሌላ ክርክር እንከራከር ነበር። እዚህ ግን «ሙሉ ጊዜዬን ልስጠው» ብትል የሚቀበልህ የለም። አሠልጣኙም፣ አምበሉም፣ ግብ ጠባቂውም ቀን ሥራና ትምህርት ላይ ስለሚውሉ ልምምዱ ማታና ቅዳሜና እሑድ ነው። ከሰኞ እስከ ዓርብ ቀኑን ሙሉ ምን ልትሠራ ነው? ግድግዳ ላይ ኳስ ስትመታ ልትውል?

ዩኒቨርሲቲውን ማቆየትህ ደግሞ ጨዋታውን ራሱን ይጎዳዋል። ሼፍሊን በተማሪነቱ ከዋተርፎርድ የቴክኖሎጂ ኢንስቲትዩት ጋር በ1999 እና በ2000 የፊትዝጊበን ዋንጫን አሸንፏል። ይህ የከፍተኛ ትምህርት ተቋማት የኸርሊንግ ውድድር ነው። በዚያው በ2000 መኸር ከኪልኬኒ ጋር የኦፋሊ ካውንቲን አሸንፎ የመጀመሪያውን የመላው አየርላንድ ሜዳሊያውን አጠለቀ። ሁለት ዓመት ቤት ብትቀመጥ እኩዮችህ በዚህ ውድድር ሲፋተጉ አንተ ተመልካች ትሆናለህ። ብዙ ተቋማት ለጥሩ ተጫዋቾች የስፖርት ስኮላርሺፕ ስለሚሰጡ ከማመልከትህ በፊት ጠይቅ።

አሁን ደስ ወደማይለው ነገር ልምጣ። ሼፍሊን በ2007 ፍጻሜ አምበል ሆኖ ሊመሪክን ሲገጥም የጉልበቱ ጅማት ተበጥሶ ሁለተኛውን አጋማሽ አልተጫወተም። በ2010 ግማሽ ፍጻሜ ላይ ጉልበቱ እንደገና ተጎዳ። ለፍጻሜው እንደምንም ተነሥቶ ገባ፤ ሩብ ሰዓት ሳይሞላ ግን ወጣ፤ ቲፐራሪም የኪልኬኒን አምስተኛ ተከታታይ ዋንጫ አስቀረ። ያን ቀን መግባቱ ጀግንነት ነው የሚሉ አሉ። እኔ ስህተት ነበር ባይ ነኝ፤ ኑሮው ግን በጉልበቱ ላይ አልተንጠለጠለም። በ2014 አሥረኛውን ሜዳሊያ ያገኘው ተቀይሮ እየገባ ነበር፤ በማርች 2015 በ36 ዓመቱ ዱላውን ሰቀለ። ከዚያም የክለቡ የባሊሄል ሻምሮክስ አሠልጣኝ ሆኖ በ2019 እና በ2020 የአየርላንድን የክለቦች ዋንጫ አስገኘ፤ የጎልዌይ ካውንቲን ቡድንም እስከ 2024 አሠለጠነ።

ስለዚህ ጥያቄህን ልለውጠው፦ ማታ ለልምምድ የሚለቅቅህ፣ ስትጎዳም የሚታገሥህ ሙያ የትኛው ነው? የሆቴል ሥራና የፈረቃ ሙያዎች ከቡድን ልምምድ ጋር ይጋጫሉ፤ የማይቻል አይደለም፣ ግን በየሳምንቱ ከአለቃህ ጋር መለማመጥ አለ። ብዙ ተጫዋቾች መምህር የሚሆኑት በከንቱ አይደለም። ትምህርት ቤት ሲዘጋ የሻምፒዮናው ትኩሳት ይጀምራል፤ ፍጻሜው አሁን በጁላይ ነው። የአንደኛ ደረጃ መምህርነት በአይሪሽ ቋንቋ ከፍተኛ ደረጃ ፈተና ቢያንስ ኤች 4 (ከመቶ ከ60 ጀምሮ) ውጤት ይጠይቃል። ይህ ከከበደህ የሁለተኛ ደረጃ መምህርነትን በምታስተምረው ትምህርት በኩል ተመልከት። ቁጥር የምትወድ ከሆነ ሒሳብ አያያዝ ወይም እንደ ሼፍሊን ባንክ አለ።

የዩኒቨርሲቲ መግቢያ ማመልከቻ ማዕከሉን ቅጽ እስከ ፌብሩዋሪ 1 ሙላ። ለዲግሪ አሥር ምርጫ ይፈቀድልሃል፤ አብዛኞቹን እስከ ጁላይ 1 ማስተካከል ስለምትችል ቀድመህ መሙላትህ አያሥርህም። ወደ ካውንቲው ሙከራም ሂድ። እናትህንም ይዘሃቸው ሂድ፤ የገና ጨዋታን የሚያውቁ ሰው ስለሆኑ ስትሳሳት ለማየት አስረጂ አያስፈልጋቸውም። በሚቀጥለው ደብዳቤህ የአይሪሽ ቋንቋ ውጤትህን ጻፍልኝ፤ ያን ሳላይ የምርጫህን ቅደም ተከተል ልነግርህ አልችልም።