በአጭር ሥነ ሥርዓት ለተከሰሳችሁ፦ ከመልሱ በፊት ፈቃዱ

በንግድ ችሎት የምከራከር ጠበቃ ነኝ። በቼክ፣ በብድርና በዋስትና ተከሳችሁ መጥሪያ የደረሳችሁ ጠይቁኝ ባልኩት መሠረት የመጡትን ጥያቄዎች እመልሳለሁ።

ጥያቄ፦ በቼክ 400,000 ብር ተከስሻለሁ። የመከላከያ መልሴን ጽፌ ላስገባ ነው። ልክ ነኝ?

መልስ፦ ይቆዩ። መጀመሪያ የክሱን አናት ይመልከቱ። «በአጭር ሥነ ሥርዓት» የሚል ካለበትና የከሳሽ ቃለ መሐላ (በመሐላ የተረጋገጠ ጽሑፍ) ከተያያዘ፣ የቀረበው በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 284 ነው። እንዲህ ባለ ክስ ፍርድ ቤቱ ሳይፈቅድልዎ መከራከር አይችሉም፤ ካላስፈቀዱ በቁጥር 285 ለከሳሽ ይፈረድለታል። መጥሪያው ላይ ያለው ቀን ሳያልፍ በቁጥር 286 መሠረት የማስፈቀጃ አቤቱታ ከቃለ መሐላ ጋር ያስገቡ።

ጥያቄ፦ ቃለ መሐላው ላይ ምን ይጻፋል?

መልስ፦ ብዙ ሰው የሚወድቀው እዚህ ላይ ነው። «ክሱ ሐሰት ነው፣ ዕዳ የለብኝም» ብሎ መማል ለዳኛው ምንም አይነግረውም። አንድ ደንበኛዬ ያመጣው ረቂቅ ገጹ ሙሉ ክህደት ነበር። ቁጭ ብለን ስናወራ ቼኩን ለሲሚንቶ ሻጭ እንደሰጠ፣ ግማሹ ሲሚንቶ እንዳልደረሰው፣ የመረከቢያ ሰነዱም መኪናው ውስጥ እንዳለ ነገረኝ። ክህደቱን ሰርዘን ቀኑን፣ የኩንታሉን ብዛትና የሰነዱን ቁጥር ጻፍን፤ ተፈቀደለት። ዳኛው በዚህ ደረጃ ማን እንደሚረታ አይወስንም፤ ማስረጃ ተሰምቶ መጣራት ያለበት ጭብጥ መኖሩን ብቻ ነው የሚያየው። መከላከያዎ ሙሉውን ገንዘብ ይመለከት እንደሆነ ወይም ከፊሉን፣ ለይተው ይጻፉ። ሕጉ ራሱ ይህን ይጠይቃል።

ጥያቄ፦ ከሳሼ ቼኩን የሰጠሁት ሻጭ ሳይሆን ቼኩ የተላለፈለት ሌላ ሰው ቢሆንስ?

መልስ፦ ያኔ ይከብዳል። ቼኩን በቅን ልቦና የተቀበለ አምጪ (ቼኩን ይዞ የሚጠይቅ ሰው) ላይ ከሻጩ ጋር ያለዎትን ቅሬታ ማንሳት አይቻልም። እርስዎን ለመጉዳት አውቆ እንደተቀበለው ማሳየት ይኖርብዎታል።

ጥያቄ፦ ብድሩን በእጅ ከፍያለሁ፣ ምስክሮችም አሉኝ።

መልስ፦ ባዝንም እውነቱን ልንገርዎ። በፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 2472 ከ500 ብር በላይ የሆነ ብድር መመለሱ የሚረጋገጠው በጽሑፍ፣ ወይም ፍርድ ቤት በሚሰጥ የእምነት ቃል ወይም መሐላ ነው። ደረሰኝ ወይም የባንክ ማስተላለፊያ ይፈልጉ።

ጥያቄ፦ ዋስ ነኝ እንጂ ተበዳሪ አይደለሁም።

መልስ፦ ውሉን አውጥተው የዋስትናው ጣሪያ፣ ማለትም ዋስ የሆኑበት ከፍተኛው ገንዘብ፣ በቁጥር መጻፉን ያንብቡ። ካልተጻፈ ዋስትናው በፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 1922(3) አይጸናም። በጣም ጠንካራ የማስፈቀጃ ምክንያት ነው።

ጥያቄ፦ ገንዘብ አስይዙ ሊሉኝ ይችላሉ?

መልስ፦ ይችላሉ፤ ፈቃዱ በቅድመ ሁኔታ ሊሰጥ ይችላል።

ጥያቄ፦ ሳላስፈቅድ ተፈርዶብኛል። አለቀ ማለት ነው?

መልስ፦ አላለቀም። ልዩ ምክንያት ካለዎት የሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 292 ፍርዱን ለማንሳትና አፈጻጸሙን ለማገድ በር ይከፍታል። ዛሬውኑ መዝገቡን ያስወጡና ጠበቃ ያማክሩ፤ አፈጻጸም ከተጀመረ በኋላ እያንዳንዱ ቀን ይቆጠራል።