ከወርቁ በኋላ ጠመኔ

ልጆቼ፣

34 ዓመት ኬሚስትሪ አስተምሬ ጡረታ ወጥቻለሁ። ዛሬም መንገድ ላይ ስታገኙኝ የምትጠይቁኝ ያንኑ ነው፦ «ጋሼ፣ ማስተማር ያዋጣል?» ደሞዙን ከሆነ መልሱን ታውቁታላችሁ። እኔ ግን ስለ አንድ ሰው ላጫውታችሁ።

ኤሪክ ሊድል ይባላል። ወላጆቹ ስኮትላንዳውያን ሚሲዮናውያን ናቸው፤ እሱ የተወለደው ቻይና፣ ቲያንጂን ነው። ለስኮትላንድ ብሔራዊ ቡድን 7 ጊዜ ራግቢ ተጫውቷል፤ ክንፍ ላይ። ከዚያ ሩጫ ላይ አተኮረ። በ1924 (ዓመቶቹ የፈረንጅ ናቸው) በፓሪስ ኦሎምፒክ የ100 ሜትር ማጣሪያ እሑድ ላይ ዋለ። ሰንበት ነው ብሎ ተወው። በ400 ሜትር ገባና በ47.6 ሰከንድ ወርቁን ወሰደ።

ይህን ብዙ ሰው ያውቀዋል። እኔን የሚገርመኝ ቀጥሎ ያደረገው ነው። በዓመቱ፣ ገና በ23 ዓመቱ፣ ቲያንጂን ተመልሶ የሳይንስና የስፖርት መምህር ሆነ። እኛ ሰፈር ቢሆን «ነካ አደረገው» ይባል ነበር።

በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ ጃፓኖች እዚያው ቻይና ዌይሺየን በሚባል ካምፕ አጎሩት። ነፍሰ ጡር ሚስቱንና ሁለት ሴት ልጆቹን አስቀድሞ ካናዳ ልኳቸዋል። ካምፑ ውስጥ ከወላጆቻቸው የተለዩ ብዙ ልጆች ነበሩ። ኬሚስትሪ ሊያስተምራቸው ፈለገ፤ ላብራቶሪ የለም። ስለዚህ መሣሪያዎቹን አንድ በአንድ በእጁ ሣለላቸው።

ይህን ሳነብ ብቻዬን ሳቅሁ። እኔም ቡሬት (የሥሩ ፈሳሽ ቀለሙን እስኪለውጥ ጠብታ በጠብታ የምናፈስበት የመስታወት ቱቦ) በሌለበት ትምህርት ቤት ቡሬት በጠመኔ ስዬ፣ «አሁን አንድ ጠብታ... ሌላ ጠብታ... ይኸው ቀላ!» እያልኩ አስተምሬያለሁ። ከኋላ ወንበር አንዱ ተነሥቶ «ጋሼ፣ አበዙት፣ በጣም ቀላ» ብሎኛል። ሰሌዳው ላይ እኮ ነጭ ጠመኔ ብቻ ነው ያለው!

ለማስተማር የምታስቡ ካላችሁ፣ ልጆች ከክፍል ውጭ ሲሆኑም እዩአቸው። ካምፑ ውስጥ አንድ እሑድ ልጆቹ ሆኪ ወጡ፤ የኛን ገና የመሰለ ጨዋታ ነው። ሊድል ሰንበት ስለሆነ አላጫወታቸውም። ዳኛ የለም፣ በእጃቸው ዱላ አለ፤ ተደባደቡ።

የካቲት 1945 እዚያው ካምፕ ውስጥ በአንጎል ዕጢ ሞተ፤ 43 ዓመቱ ነበር። ሦስተኛዋን ልጁን አላያትም። ከዚያ ጠብ በኋላ በመጣው እሑድ ግን፣ ለኦሎምፒክ ሰንበቱን ያልሻረው ሰውዬ ሜዳ ወርዶ ሲዳኝ ልጆቹ አይተውታል።