ምኞታችሁን የሚያውቁት ሰዎች

ልጆቼ፣ ዕድሜዬን የፈጀሁት በማስታወቂያ ሥራ ነው። ብዙ ያተረፍኩበት ሙያ ስለሆነ አልክደውም፤ ግን እናንተን ሳይ ዝም ማለት አቃተኝ።

እ.ኤ.አ. በ1920ዎቹ አሜሪካ ውስጥ ሴት መንገድ ላይ ስታጨስ መታየት ነውር ነበር። ለሲጋራ ነጋዴ ይሄ ግማሽ ገበያ ነው። ስለዚህ የአሜሪካን ቶባኮ ኩባንያው አለቃ ኤድዋርድ በርኔስን ቀጠረ። በርኔስ የሕዝብ ግንኙነት ባለሙያ ነው፤ የታዋቂው የሥነ ልቦና ሊቅ የሲግመንድ ፍሮይድ የእህት ልጅም ነው። ስለ ትምባሆው ጣዕም ብዙም አልተጨነቀም። ኤ. ኤ. ብሪል የሚባል የሥነ ልቦና ሐኪም ዘንድ ሄዶ፣ ሲጋራ ለሴቶች ምን ትርጉም እንዳለው ጠየቀ። ብሪልም ሲጋራ ለእነሱ የነፃነት ችቦ እንደሆነ ነገረው።

በ1929 የፋሲካ ዕለት፣ ኒውዮርክ አምስተኛው ጎዳና ላይ ሰው አምሮበት ሲንሸራሸር፣ በርኔስ ያሰማራቸው ወጣት ሴቶች ሲጋራቸውን ለኮሱ። ጋዜጠኞች አስቀድመው ሰምተው ስለነበር ወሬው በየጋዜጣው ወጣ። ከጀርባው ሲጋራ ሻጭ እንዳለ ግን አንባቢው አላወቀም።

ሁሌ የሚከነክነኝ አንድ ነገር አለ። የሴቶቹ ጥያቄ እውነተኛ ነበር! በመላ አገሪቱ የመምረጥ መብት ካገኙ ገና 9 ዓመት አልሞላም። ነፃነት ፈለጉ፤ ሲጋራ ተሰጣቸው።

እኔም ወጣት ሳለሁ ለአንድ ቢራ ጠማቂ ማስታወቂያ ጽፌያለሁ። ስለ ቢራው አንድ ቃል የለበትም። ጓደኛሞች ተሰብስበው ሲሳሳቁ ብቻ ነው። ዛሬ እዚህ አገር የመጠጥ ማስታወቂያ በ2011 ዓ.ም. በወጣው አዋጅ ከሬዲዮና ከቴሌቪዥን ወርዷል። ደስ ብሎኛል። ያንን ማስታወቂያ ሰምቶ ቢራ የገዛው፣ ብቸኝነት ያጠቃው ሰው ግን አሁንም በሐሳቤ ይመጣል። እሱ የናፈቀው ጓደኛ ነበር።

ስልካችሁ ላይ ጫማ፣ ሽቶ ወይም አፓርታማ ስታዩ፣ ለአፍታ ዕቃውን ተዉትና አጠገቡ ያለውን ሰው እዩት። ማን ከቦታል? ማን ነው በአድናቆት የሚያየው? ልባችሁን የነካው እሱ ነው። ምኞቱን በስሙ ጥሩት፤ መከበር ነው? መወደድ ነው? አታፍሩበት፣ ምኞቱ የራሳችሁ ነው። ከዚያ ዕቃው በእርግጥ ያንን ይሰጣችሁ እንደሆነ ጠይቁ። አንዳንዴ ይሰጣል፤ ያኔ ግዙት።

በርኔስ ራሱ አያጨስም ነበር። ሚስቱ ዶሪስ ግን ታጨሳለች። ቤት ውስጥ ሲጋራዋን ሲያገኝ ሰባብሮ ሽንት ቤት ይጥለው ነበር።