የአንባቢያን ጥያቄ፦ ስብራቱ ድኗል፣ እጁ ግን አልታዘዝ ብሏል፤ ኮዱ ምን ይሁን?

ጥያቄ፦ ጤና ይስጥልኝ። ኮዲንግ ስራ (ሐኪም የጻፈውን በሽታ ወደ ኮድ መቀየር) ከጀመርኩ ገና ነው፣ የምሰራው በአሜሪካው የበሽታ ኮድ ዝርዝር፣ በአይሲዲ 10 ሲኤም ነው። አንድ ቻርት ላይ ተጣብቄ ቀረሁ። ታካሚዋ በእድሜ የመጣ የአጥንት መሳሳት እንዳለባቸው ድሮም ይታወቃል፣ ቆመው ሳሉ አዳለጣቸውና በቀኝ እጃቸው ሲደገፉ የመዳፋቸው አጥንት ተሰበረ። ጄሶው ከወለቀ ቆይቷል፣ ሐኪሙ ስብራቱ ድኗል ብለው ጽፈዋል፣ ግን እጃቸው ግትር ብሎ መጨበጥ አልቻሉም፣ አሁን የመጡትም ለዚሁ ነው። አንዱ ባልደረባዬ ኮዱን በኤ ፊደል ጨርሺው ይለኛል፣ ሌላዋ ደግሞ ወድቀዋል እኮ፣ ስለዚህ ከኤስ62 ነው ትላለች። ማንን ልስማ?

መልስ፦ እህቴ ማንንም አትስሚ፣ ሁለቱም አልመቱትም። ከኤስ62 ልጀምር ምክንያቱም ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ላይ ነው። ኤስ62 የአደጋ ስብራት ነው፣ ጤነኛ አጥንትን ለሚሰብር አደጋ ማለት ነው። መመሪያው ግልጽ ነው፦ የአጥንት መሳሳት እንዳለበት የሚታወቅ ሰው ቀለል ያለ መውደቅ ወድቆ ቢሰበርና ያ መውደቅ ጤነኛ አጥንትን በተለምዶ የማይሰብር ከሆነ ኮዱ ከኤም80፣ ማለትም በአጥንት መሳሳት ከመጣ ስብራት፣ ነው የሚወሰደው፣ መውደቁ ራሱ ወደ ኤስ62 አይወስድሽም። ግን መውደቁ ቀላል ነበር ወይስ ከባድ የሚለውን አንቺ ከራስሽ አትፍረጂ፣ ቻርቱ ካልተናገረ ለሐኪሙ ጥያቄ ጻፊ፣ ያ የህክምና ፍርድ ነው።

ቀጥሎ የኮዱ መጨረሻ የሆነችው ሰባተኛዋ ፊደል፣ ስብራቱ የት እንደደረሰ የምትነግረው። ኤ የምትገባው ስብራቱ ራሱ ገና እየታከመ ሳለ ነው፣ ቀዶ ጥገና ላይ ወይ ድንገተኛ ክፍል ሲታዩ ወይ ሐኪም ህክምናውን እየቀጠለ ሳለ (አዲስ ሐኪም ስላያቸው ብቻ ፊደሏ አትቀየርም፣ ይሄንን ደጋግሜ እላለሁ)። ህክምናው አልቆ ጄሶ መቀየር፣ ማውለቅ፣ መዳኑን በኤክስሬይ ማየት ሲሆን ዲ ነው፣ መዳኑ ከዘገየ ጂ፣ አልገጥም ካለ ኬ፣ ጠሞ ከገጠመ ፒ። ያንቺ ታካሚ ግን ከነዚህ አልፈዋል፣ አጥንቱ ድኗል፣ የቀረባቸው ጣጣው ነው። ለሱ ሰባተኛዋ ፊደል ኤስ ናት (የኤስ62ዋ ኤስ አይደለችም)።

ኤስ ግን ብቻዋን አትቆምም፣ መጀመሪያም አትጻፍም! ዛሬ ሐኪም ቤት ያመጣቸው ነገር ይቀድማል፣ እሱም የቀኝ እጅ ግትርነት ነው፣ ኤም25.641። ከሱ ቀጥሎ መነሻው፣ ኤም80.041ኤስ። ሐኪሙ ግትርነት ሳይሆን የእጅ መገጣጠሚያ ኮንትራክቸር (ተኮማትሮ አልዘረጋ ማለት) ብለው ከጻፉ የመጀመሪያው ኤም24.541 ይሆናል፣ ህመም ብቻ ከሆነ ኤም79.641፣ የመጀመሪያው ኮድ ሁሌም ሐኪሙ የጻፉትን ይከተላል። ግትርነቱ ከድሮው ስብራት የመጣ መሆኑም በጽሁፍ መታየት አለበት። ጊዜ አልፏል ብለሽ ግን ኤስን አትተያት፣ የጊዜ ገደብ የላትም፣ ከወራትም ከዓመታትም በኋላ ትጻፋለች።

አንድ ነገር ልጨምር፣ ኤም81ን (አሁን ስብራት የሌለበት የአጥንት መሳሳት) ከኤም80 ጋር አንድ ላይ አትጻፊ፣ ኤም80 የአጥንት መሳሳቱን በውስጡ ይዟል። ስብራቱ ድኖ ምንም ጣጣ ያልተወ ቢሆን ኖሮ ያኔ ኤም81.0 ትጽፊና የዳነ ስብራት ታሪክ መኖሩን በዜድ87.310 ትነግሪ ነበር። በዚህ ልዩነት ላይ ድርቅ የምለው ወድጄ አይደለም፣ ኤ ተብሎ ቢሄድ መዝገቡ ላይ ሴትየዋ ዛሬ አዲስ ስብራት እየታከሙ ነው የሚል ነው የሚቀረው፣ እጃቸው አልጨብጥ ማለቱ ደግሞ የትም አይታይም፣ የእጅ ፊዚዮቴራፒ ለምን እንዳስፈለጋቸው የሚያስረዳው ግን እሱ ነው።

ጥያቄ፦ የእጅ አንጓ ስብራትስ እዛው እጅ ውስጥ ነው የሚገባው? የአጥንት መሳሳቱ ከመድኃኒት የመጣ ከሆነስ?

መልስ፦ አይገባም። በኤም80 የእጅ አንጓ ከክንድ ጋር ነው፣ ቀኝ ኤም80.031፣ ግራ ኤም80.032። እጅ ሲሆን ቀኝ 041 ግራ 042 ነው፣ 049 የትኛው እጅ እንደሆነ ላልተጻፈበት ነው፣ እሱን ከመጠቀምሽ በፊት ቻርቱን እንደገና አንብቢ ምክንያቱም ኤክስሬዩ ላይ ብዙ ጊዜ ተጽፎ ይገኛል። ከመድኃኒት ለመጣው ኤም80.8 ስር ሂጂ፣ ለቀኝ እጅ ኤም80.841፣ መድኃኒቱንም በተጨማሪ ኮድ አሳዪ፣ ለምሳሌ ስቴሮይድ ከሆነ ቲ38.0ኤክስ5 እና ሰባተኛ ፊደሉ።

ጥያቄ፦ እኔ ኮደር አይደለሁም። የእናቴ የህክምና ወረቀት ላይ የእጃቸው ስብራት ኮድ መጨረሻው ኤስ ሆኖ አየሁና ደነገጥኩ፣ እጃቸው ከእንግዲህ አይድንም ማለት ነው?

መልስ፦ አይደለም፣ አይዞሽ። ኤስ የምትለው አሁን ያለባቸው ችግር ከቀድሞው ስብራት የመጣ ነው ብቻ ነው። ምን ያህል ከባድ እንደሆነ አትናገርም፣ ይሻላል አይሻልም አትልም፣ ግትር እጅ በፊዚዮቴራፒ ሊሻሻል ይችላል። እንዲያውም እኔን የሚያሳስበኝ ሌላ ነው፣ እጁ ሲታከም የአጥንት መሳሳቱ ይረሳል። በቀላል መውደቅ አንዴ የተሰበረ ሰው ሌላ ቦታም፣ ዳሌን ጨምሮ፣ የመሰበር ዕድሉ ከፍ ይላል። ስለዚህ በሚቀጥለው ቀጠሮ አብረሻቸው ግቢና የአጥንት ጥንካሬ ምርመራ ተደርጎላቸው እንደሆነ፣ ለአጥንታቸውስ የሚወስዱት መድኃኒት ካለ ሐኪሙን ጠይቂ።