ወንዙ ሌሊት ለምን ይጮኻል?

ጥያቄ፦ የምኖረው አቃቂ፣ ከትልቁ አቃቂ ወንዝ ብዙም ሳልርቅ ነው። ቀን የማይሰማኝ የወንዙ ድምፅ ሌሊት ከመኝታ ቤቴ ግድግዳ ሥር የሚፈስ ይመስላል። እናቴ ደግሞ በክረምት ድምፁን ብቻ አዳምጠው «ዛሬ ሞልቷል፤ ልጆቹ እንዳይሻገሩ» ይላሉ። በእርግጥ በድምፅ ማወቅ ይቻላል?

መልስ፦ ይቻላል፤ እናትዎን ይስሟቸው። በተለምዶ የምንሰማው ውሃው ከድንጋይ ጋር ሲላተም አየር እየዋጠ የሚፈጥራቸው አረፋዎች ሲርገበገቡ ነው። አረፋው ባነሰ ቁጥር ድምፁ ይቀጥናል፤ ከመሐሉ እስከ ጠርዙ 1 ሚሊ ሜትር የሆነ አረፋ በሴኮንድ ከ3,000 ጊዜ በላይ ይርገበገባል። ወንዙ ሲሞላ ግን ድንጋዮቹ ይሰጥማሉ፤ ከሥር እየተንከባለሉ የሚጋጩት ደግሞ ወፍራም ጉርምርምታ ያሰማሉ። እናትዎ የሚለዩት ይህን ለውጥ ሳይሆን አይቀርም።

የሌሊቱ ነገር ከወንዙ ይልቅ የአየሩ ሥራ ነው። የከባድ መኪናው ጩኸት መቀነሱ አንድ ነገር ሆኖ፣ ሰማዩ በጠራበት ሌሊት መሬት ቶሎ ስለሚቀዘቅዝ የታችኛው አየር ከላይኛው ይልቅ ይበርዳል፤ ድምፅም በሞቃት አየር ውስጥ ስለሚፈጥን ወደ ላይ ያመለጠው ሞገድ ተመልሶ ወደ መሬት ይጎብጣል። የበጋ ሌሊት ወንዙ አጠገብዎ የሚመስለው በዚህ ምክንያት ነው።

ጉርምርምታውን በሰሙ ጊዜ አቃቂ ላይ ጠብታ ባይወርድም እንኳ ልጆቹን ከወንዙ ያርቁ፤ ዝናቡ ከከተማዋ በስተ ሰሜን ባሉት ከፍታዎች ዘንቦ ውሃው እየወረደ ሊሆን ይችላል።